ማስተሩ በማን እጅ ነበር? አርባን ሞዴሊንግ በዲቪዲ ዘመን

የተከበራችሁ የፎቶግራፍና የቪዲዮ ባለሙያዎች፣ ሞዴሎች፣ ተማሪዎች፤ እንደምን አመሻችሁ።

የዛሬው ርእሳችን በአሜሪካ ከ1990ዎቹ መጨረሻ እስከ 2000ዎቹ መገባደጃ ያበበ ሙያ ነው። አርባን ሞዴሊንግ ይባላል። በሂፕሆፕ መጽሔቶች ሽፋን፣ በራፕ ክሊፖች፣ በጂንስ ማስታወቂያዎች፣ በግድግዳ ካላንደሮችና በየመንገዱ በሚሸጡ ዲቪዲዎች ላይ የምናያቸው ሴቶች ሥራ ማለት ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ስለዚህ ሙያ ሲወራ ብዙ ጊዜ የሚነሳው የአለባበስና የሥነ ምግባር ጉዳይ ነው። ክርክሩ ተገቢ ስለሆነ እመለስበታለሁ። በቅድሚያ ግን አንድ ነገር አጥብቄ መናገር እፈልጋለሁ፦ ይህን ሙያ በእግሩ ካቆሙትም ካጎሳቆሉትም ነገሮች ትልቁ የዲስኩ ንግድ ነው። ካሜራው የማን ነበር? ማስተሩ፣ ማለትም ቅጂው ሁሉ የሚወጣበት ዋናው ቅጂ፣ በማን መሳቢያ ቀረ? ማን አባዛው? ሽያጩን ያመጣው የሴቶቹ ፊት ነው፤ ገንዘቡ ግን ማስተሩን ለያዘው ሰው ገባ። ይህን ሳይረዱ የዘመኑን ውርስ መገመት አይቻልም።

ታሪኩ ከተዘጋ በር ይጀምራል። የኒውዮርክ የሞዴል ኤጀንሲዎች ጥቁር ሴቶችን ለረጅም ጊዜ አያስገቡም ነበር። ኦፊሊያ ዴቮር በ1946 ከአጋሮቿ ጋር ግሬስ ዴል ማርኮ የተባለውን ኤጀንሲ ያቋቋመችው በዚህ ምክንያት ነው። ጄት መጽሔት ደግሞ ከ1950ዎቹ ጀምሮ በየሳምንቱ የአንዲት ጥቁር ሴት ፎቶ ያወጣ ነበር፤ ሙያተኛ ሞዴል መሆን አያስፈልጋትም፣ ተማሪም ጸሐፊም ልትሆን ትችላለች። ቤቨርሊ ጆንሰን በአሜሪካው ቮግ ሽፋን ላይ የወጣች የመጀመሪያዋ ጥቁር ሴት የሆነችው ነሐሴ 1974 ነው። አሥር ዓመት ቆይቶ ቤታን ሃርዲሰን የራሷን ኤጀንሲ ከፈተች። ከዚያ ኤጀንሲ የወጣው ታይሰን ቤክፎርድን መጀመሪያ ያየው የፋሽን መጽሔት አልነበረም፤ ዘ ሶርስ የተባለው የሂፕሆፕ መጽሔት ነው። በ1993 የራልፍ ሎረን ፖሎ ፊት ሆነ።

የእሱ ዕድል ለብዙዎቹ አልደረሰም። የፋሽን ቤቶች ናሙና ልብስ የሚሰፋው ቁመቷ ከ1 ሜትር ከ75 ለማያንስ፣ ዳሌዋ ጠባብ ለሆነ ሴት ነው። ቁመቷ 1 ሜትር ከ60 የሆነ፣ ዳሌዋ የሰፋ ሴት ፊቷ የቱንም ያህል ቢያምር በዚያ በር አታልፍም። ሌላ በር የከፈቱላት የሂፕሆፕ ልብስ ድርጅቶች ናቸው። ፉቡና ፋት ፋርም በ1992፣ ሾን ጆን በ1998፣ ሮካዌርና ቤቢ ፋት በ1999፣ አፕል ቦተምስ በ2003 ገበያ ገቡ። የአፕል ቦተምስ ጂንስ ወገቡ ጠበብ፣ ዳሌው ሰፋ ተደርጎ የተቆረጠ ስለሆነ ማስታወቂያውን የሚሸከም ሌላ ዓይነት ሰውነት የግድ ያስፈልገው ነበር። መጽሔቶቹም ተከተሉ። ዘ ሶርስ በ1988፣ ቫይብ በ1993፣ ኤክስኤክስኤል በ1997 ተጀመሩ። በ2000ዎቹ መጀመሪያ ኤክስኤክስኤልን የሚያሳትመው ሃሪስ ፐብሊኬሽንስ ኪንግ የተባለውን የወንዶች መጽሔት አወጣ፤ የአርባን ሞዴሎች ትልቁ መድረክ ይኸው ሆነ።

ዲስኩ የመጣው በዚህ መሀል ነው። ዲቪዲ በጃፓን በኅዳር 1996፣ በአሜሪካ በመጋቢት 1997 ለገበያ ቀረበ። መጀመሪያ ላይ ማጫወቻው ውድ ነበር። በጥቅምት 2000 ዲቪዲም የሚያጫውተው ፕሌይስቴሽን 2 በ299 ዶላር አሜሪካ ሲገባ ግን ጌም የሚጫወት ወጣት ሁሉ ሳያስበው የዲቪዲ ማጫወቻ ባለቤት ሆነ። የሂፕሆፕ አድማጭ ደግሞ ይኸው ወጣት ነው። በ2003 በአሜሪካ የዲቪዲ ኪራይ የቪኤችኤስ ካሴትን ኪራይ በለጠ።

ከዚያ በኋላ የተፈጠረው የመንገድ ዲቪዲ ይባላል። ትሮይ ሚቸል በኒውዮርክ የጀመረው ስማክ ዲቪዲና ፍሬንች ሞንታና ከ2002 ጀምሮ ያዘጋጀው ኮኬይን ሲቲ በይበልጥ የሚታወቁት ናቸው። በአንድ ዲስክ ላይ የራፐር ቃለ መጠይቅ፣ የግጥም ግጥሚያ፣ ከክሊፕ ቀረጻ ጀርባ የተነሳ ምስልና የሞዴሎች ክፍል ይገኛል። ከቴሌቪዥን ጣቢያ ፈቃድ አይጠየቅም፤ በጸጉር ቤት፣ በሲዲ መሸጫ፣ በእግረኛ መንገድ ላይ በተዘረጋ ጨርቅ ይሸጣል። ሞዴሏ ቴሌቪዥን የማያሳየውን መናገር የምትችልበት፣ ስሟንና የድረ ገጿን አድራሻ ራሷ ለካሜራ የምትናገርበት ቦታ ስለነበር እኔ ይህን ክፍል ከክሊፑ የበለጠ ዋጋ እሰጠዋለሁ። በክሊፑ ውስጥ ስም አልነበራትም።

ዲስኩ እንዴት ይሠራ ነበር?

ቴክኒኩን ዘርዘር አድርጌ የማነሳው ብዙዎቻችሁ በሙያው ውስጥ ስላላችሁና የዘመኑ ስህተቶች ምክንያት እዚያው ስላለ ነው።

ቀረጻው በሚኒዲቪ ካሴት ነው። ካሜራው ብዙ ጊዜ ሶኒ ቪኤክስ2000፣ ካኖን ኤክስኤል1 ወይም ከ2002 በኋላ ፓናሶኒክ ዲቪኤክስ100 ነበር። አንድ ካሴት 60 ደቂቃ ይይዛል፤ ወደ ኮምፒውተር ሲገባ 13 ጊጋባይት ያህል ቦታ ይወስዳል። የሚገባው በፋየርዋየር ገመድ፣ ካሴቱ እየተጫወተ ስለሆነ የአሥር ሰዓት ቀረጻ አሥር ሰዓት ይፈጃል፤ 130 ጊጋባይትም ይጠይቃል። በጊዜው የብዙ አዘጋጆች ሃርድ ዲስክ ያን ያህል አልነበረም። ስለዚህ የሚፈለገው ተመርጦ ይገባል፣ ኤዲቲንጉ ሲያልቅ ፋይሉ ይጠፋል፣ ካሴቱ ላይ ደግሞ ለሚቀጥለው ሥራ ይደገምበታል። የዚያ ዘመን ጥሬ ቀረጻ የጠፋው በአብዛኛው በእሳት ወይም በጎርፍ አይደለም። ካሴት ለመቆጠብ ሲባል ነው የጠፋው።

ቀጥሎ ምስሉ ዲቪዲ ወደሚጠቀምበት የተጨመቀ ቅርጽ፣ ወደ ኤምፔግ2፣ ይቀየራል። አዘጋጁን የሚያሳስተው እዚህ ያለው ሒሳብ ነው። ባለ አንድ ንብርብር ዲስክ 4.7 ጊጋባይት ይይዛል፤ ይህም 37,600 ሜጋቢት ነው። ለ120 ደቂቃ፣ ማለትም ለ7200 ሴኮንድ፣ ሲካፈል በሴኮንድ 5.2 ሜጋቢት ይደርሳል። ለሜኑና ለመጠባበቂያ አምስት በመቶ፣ ለዶልቢ ድምፅ 0.2 ሜጋቢት ሲቀነስ ለምስሉ 4.7 ገደማ ይቀራል። በዚህ መጠን በጥሩ ብርሃን የተቀረጸ ቃለ መጠይቅ ያምራል። የመንገድ ዲቪዲ አዘጋጅ ግን ለገዢው ብዙ ለመስጠት ሦስት ሰዓት ይጭንበታል፤ ያኔ ለምስሉ የሚደርሰው 3 ሜጋቢት ያህል ብቻ ነው። ድምፁን ሳይጨመቅ ከተወው ደግሞ ድምፁ ብቻውን 1.5 ሜጋቢት ይበላል።

አሁን በዚያ ሒሳብ ላይ የምሽት ክበብ ጨምሩበት። ብርሃኑ ትንሽ ነው፣ ካሜራው በእጅ ተይዞ ይንቀጠቀጣል፣ ቀራጩ ጌይኑን፣ ማለትም ደካማውን ምስል በኤሌክትሮኒክ የሚያጎላውን ማስተካከያ፣ 12 ወይም 18 ዴሲቤል ላይ አድርሶታል። ጌይን ሲጨምር ምስሉ ላይ የሚርመሰመስ ነጠብጣብ ይበዛል። ምስሉን የሚጨምቀው ኢንኮደር ያን ነጠብጣብ ከእውነተኛ እንቅስቃሴ ለይቶ አያውቀውምና ያለውን ቢት ሁሉ እሱ ላይ ያፈሳል። ቢት ሲያጥረው የሚቆርጠው ጨለም ካለውና የቀለም ልዩነቱ ትንሽ ከሆነው ቦታ ነው። የጥቁር ሰው ፊት ዝርዝር ያለው በትክክል እዚያ ነው። በእነዚያ ዲስኮች ላይ የሴቶቹ ጉንጭና አንገት አራት ማዕዘን በአራት ማዕዘን ሆኖ የሚታየው በዚህ ምክንያት ነው። መፍትሔው ውድ አልነበረም፦ ቀረጻው ላይ አንድ ተጨማሪ መብራት፣ ጌይኑን ከ6 አለማሳለፍ፣ ዲስኩን ወደ 90 ደቂቃ ማሳጠር፣ ሁለት ዙር የሚሄድ ተለዋዋጭ ቢትሬት (በሴኮንድ የሚመደብ የቢት መጠን) መምረጥ።

ዲስኩ ሲከፈት በሚታየው ሜኑ ላይ ደግሞ ሁልጊዜ የሚገኝ ስህተት አለ። በአሜሪካው የቴሌቪዥን ሥርዓት በኤንቲኤስሲ ምስሉ 720 በ480 ነው፤ ፒክስሎቹ ግን እኩል ጎን የላቸውም። የሽፋን ፎቶውን በፎቶሾፕ በቀጥታ 720 በ480 አድርጎ የቆረጠ ሰው ቴሌቪዥን ላይ ሲያየው ሞዴሏ ቀጥናና ረዝማ ትወጣበታለች። በ720 በ534 ሠርቶ መጨረሻ ላይ ቁመቱን ወደ 480 ማሳጠር ነበረበት። የድሮው ቴሌቪዥን ጠርዙን ስለሚበላም ስሟን ከዳር ያስቀመጠ ሰው ግማሹን ያጣዋል፤ ጽሑፍ በመካከለኛው 80 በመቶ ውስጥ መቀመጥ አለበት።

ለማባዛት ሁለት መንገድ ነበር። ፋብሪካው ማስተሩን በዲኤልቲ፣ ማለትም በኮምፒውተር ዳታ ቴፕ፣ ይቀበላል፣ ከመስታወት ማስተር የኒኬል ማተሚያ ያወጣል፣ እያንዳንዳቸው 0.6 ሚሊሜትር የሆኑ ሁለት የፖሊካርቦኔት ዲስኮች አትሞ ያጣብቃል። ብዙ ፋብሪካዎች ከ1000 ቅጂ በታች አይቀበሉም ነበር። ገንዘቡ የሌለው አዘጋጅ ባዶ ዲቪዲ አር ራሱ ያቃጥላል፣ ማለትም በኮምፒውተር በሌዘር ይቀዳበታል። የተቃጠለ ዲስክ ቀለሙ በሌዘር የሚለወጥ ስለሆነ የቆዩ ማጫወቻዎች ለማንበብ ይቸገራሉ፤ ቢትሬቱ ከ8 ሲያልፍ መሀል ላይ ይቆማል። የወረቀት ተለጣፊ ሲጨመርበት ደግሞ ዲስኩ ሚዛኑን ስቶ ይንቀጠቀጣል። ገዢው ይህን ሁሉ አያውቅም፤ የሚያየው ሽፋኑ ላይ ያለችውን ሴት ነው፣ ቅሬታውም ወደ እሷ ድረ ገጽ ይመጣል።

የእኛን አገር ተመልካችም የሚነካ ነገር እዚህ አለ። ዲስክ በየትኛው የዓለም ክፍል እንደሚጫወት የሚወስን የዞን ቁጥር አለው፤ የአሜሪካ ዲስክ ዞን 1 ነው፣ ኢትዮጵያ ዞን 5 ናት። ከዋሽንግተን ዘመድ የላከው የስቱዲዮ ፊልም አዲስ አበባ ያለው ማጫወቻ እምቢ ሊለው ይችላል። የመንገድ ዲቪዲው ግን አብዛኛውን ጊዜ የዞን ቁልፍ ስለሌለው ዞን አያግደውም። እኛ ዘንድ በዚያው ዘመን የነገሠው ቪሲዲ ነበር፤ የሙዚቃ ክሊፕም የአገር ውስጥ ፊልምም በእሱ ይሸጥ ነበር። ቪሲዲ 352 በ288 ምስል በሴኮንድ 1.15 ሜጋቢት ብቻ ነው የሚይዘው። ስለ ጨለማና ስለ ጥቁር ቆዳ የተናገርኩት ሁሉ በቪሲዲ ላይ ብሶ ይታያል።

ብርሃንና ኅትመት

ዘመኑ ለሙያችን ያበረከተው ትልቁ ነገር የጥቁር ቆዳ አበራር ነው ብዬ አምናለሁ። ከዚያ በፊት የነበረው መለኪያ ሁሉ ለነጭ ቆዳ የተሠራ ነበር። ኮዳክ ለቀለም ማስተካከያ ወደ ማተሚያ ቤቶች የሚልካቸው ካርዶች ለብዙ ዓመታት የነጭ ሴት ምስል ብቻ ነበረባቸው። የቪዲዮ ካሜራ መመሪያዎችም ዜብራውን (የተወሰነ ብርሃን የደረሰበትን ቦታ በሰረዝ የሚያሳየውን ምልክት) 70 በመቶ ላይ አድርጉና የፊት ብርሃን እዚያ ይድረስ ይላሉ። ጠቆር ያለን ፊት 70 ላይ ካደረሱት ቀለሙ ይገረጣል፣ ከኋላ ያለው ሁሉ ነጭ ሆኖ ይጠፋል። ከ40 እስከ 55 ባለው ውስጥ እንደ ቆዳው መምረጥ ይሻላል።

ካሜራውን በአውቶማቲክ መተው ደግሞ ከሁሉ የከፋ ነው። ጥቁር ሴት በነጭ ግድግዳ ፊት ስትቆም ካሜራው ግድግዳውን አይቶ አይሪሱን፣ ማለትም የብርሃን መግቢያውን፣ ይዘጋዋል፤ እሷ ጥላ ትሆናለች። አይሪሱን በእጅ ይዞ ፊቷን ለክቶ መቆለፍ ያስፈልጋል።

የብርሃኑ አቀማመጥም ይለያል። ጠቆር ያለ ቆዳ ቅርጹን የሚያሳየው በላዩ ላይ በሚንጸባረቀው ብርሃን ነው። ትንሽና ጠንካራ መብራት ፊት ለፊት ቢደረግ ግንባርና አፍንጫ ላይ ነጭ ነጥብ ይሠራል፣ ቀሪው ጨለማ ይሆናል። የዘመኑ ጥሩ ፎቶ አንሺዎች የሚያደርጉት ይህን ነው፦ 1 ሜትር ከ20 በ1 ሜትር ከ20 የሆነ ነጭ ጨርቅ የተወጠረበት ፍሬም በ45 ዲግሪ ወደ ጎን፣ ከሞዴሏ ከአንድ ሜትር ተኩል ባልራቀ ቦታ ያቆማሉ፤ መብራቱን ከጨርቁ በስተጀርባ ያደርጉታል። የተወጠረው ጨርቅ ራሱ ቆዳዋ ላይ ይንጸባረቅና ጉንጯን፣ ትከሻዋን፣ ክንዷን በረጅም ለስላሳ መስመር ያወጣዋል። ከኋላ በሌላው ጎን አንድ የጠርዝ መብራት ጸጉሯን ከጀርባው ይለየዋል። ትከሻና እግር ላይ ቀለል ያለ ቅባት ይቀባል፤ ግንባርና አፍንጫ በወረቀት ይደረቃል። ቅባት ከበዛ ያ ለስላሳ መስመር ይሰባበርና ላብ ይመስላል።

ልብስም በዲቪዲው ሕግ ይመረጥ ነበር። የአሜሪካው ሚኒዲቪ የቀለም መረጃን የሚመዘግበው ለአራት ፒክስል አንዴ ስለሆነ ደማቅ ቀይ ልብስ ከጠርዙ አልፎ ወደ ቆዳው ይፈስሳል። ቀጭን መስመር ያለው ልብስ ይርገበገባል። በረዶ ነጭ ልብስ የካሜራውን አቅም ይጨርሳል። ክሬም፣ ወርቃማ፣ ቡናማና ጥልቅ ሰማያዊ ይሻላሉ። ይህን የማያውቅ ስታይሊስት የቀኑን ቀረጻ ሊያበላሽ ይችላል።

ኅትመት ደግሞ ሌላ ጣጣ አለው። የአንድ ሙሉ ገጽ ሽፋን በ300 ዲፒአይ ሲታተም 2550 በ3300 ፒክስል ይፈልጋል፤ 8.4 ሜጋፒክስል መሆኑ ነው። ሞዴሎች በድረ ገጻቸው የሚያስቀምጧቸው ፎቶዎች ለዚህ አይበቁም፣ ስለዚህ መጽሔቱ እንደገና ያስነሳል፤ እንደገና ያነሳው ፎቶ አንሺ ደግሞ መብቱን ይይዛል። በማተሚያው ላይ ጥቁር ቆዳ ግራጫ ወይም ጭቃማ የሚሆነው ምስሉ ወደ አራቱ የማተሚያ ቀለሞች ሲቀየር ጥቁሩ ቀለም ሲበዛ ነው። ጥቁሩን ቀንሶ ማጄንታና ቢጫውን ማሳደግ፣ የአራቱ ቀለሞች ድምር ግን ከ300 በመቶ እንዳያልፍ መጠበቅ ያስፈልጋል። ካለፈ ቀለሙ ሳይደርቅ ገጹ ከገጽ ጋር ይጣበቃል።

ገንዘቡና ፊርማው

ብርሃኑን ያህል የሰፋ ቦታ የሚገባው ውሉ ነው። በኒውዮርክ የሲቪል መብቶች ሕግ አንቀጽ 50 እና 51 የሰውን ስምና ምስል ለማስታወቂያ ወይም ለንግድ ለመጠቀም የጽሑፍ ፈቃድ ይጠይቃሉ። ስለዚህ አዘጋጁ ቀረጻው ላይ አንድ ገጽ ወረቀት ይዞ ይመጣል። ወረቀቱ ላይ ብዙ ጊዜ የሚገኘው ቃል፦ «አሁን ባለም ሆነ ወደፊት በሚፈጠር ማንኛውም ሚዲያ፣ በመላው ዓለም፣ ያለ ጊዜ ገደብ»። ሞዴሏ የምትፈርመው ጸጉሯ እየተሠራ፣ መብራቱ በርቶ፣ ሁሉም እየጠበቃት ነው። የቀን ክፍያዋን ትቀበላለች። ክሊፑ በዲቪዲ ሲወጣ፣ ከጀርባው የተቀረጸው ለብቻው ሲሸጥ፣ ፎቶው የሌላ ዲስክ ሽፋን ሲሆን ተጨማሪ የሚደርሳት የለም። የክሊፕ ተወዛዋዦች እንኳ በአሜሪካ የሠራተኛ ማኅበር ውል ያገኙት በ2012 ነው፤ ሳግ አፍትራ የተባለው የተዋንያንና የመድረክ ባለሙያዎች ማኅበር ከሙዚቃ ኩባንያዎች ጋር የመጀመሪያውን የሙዚቃ ቪዲዮ ስምምነት የተፈራረመው በዚያ ዓመት ነው። ያኔ የዲስኩ ዘመን አልፏል።

የኪንግ ሽፋን ላይ መውጣት ለምን ይህን ያህል ይፈለግ ነበር? ከሽፋኑ የሚገኘው ክፍያ አልነበረም ጉዳዩ። ሽፋኑ በክበብ ለመገኘት የሚጠየቀውን ዋጋ ያሳድጋል፤ ካላንደርና ፖስተር ያሸጣል። ይህን ቀድመው የተረዱት ራሳቸውን ችለው ቆሙ። ከቶሮንቶ የመጣችው ሜሊሳ ፎርድ ከክሊፕ ወደ ቴሌቪዥን አቅራቢነት፣ ከዚያም ወደ ሬዲዮና ፖድካስት አለፈች። ከጆርጂያ የመጣችው ባፊ ካሩት መጀመሪያ የታወቀችው በኢንተርኔት በተሰራጩ ፎቶዎቿ ነው፤ በ2005 በቶኒ ያዮ ክሊፕ ታየች፣ በኋላ የአካል ብቃት አሠልጣኝ ሆነች። ሁለቱም ስማቸውን ከምስላቸው ጋር ይዘው ቆዩ። በዚያ ዘመን ይህ ቀላል ነገር አልነበረም፤ በመቶ የሚቆጠሩ ክሊፖች የሴቶቹን ስም የትም አልጻፉም።

ተቃውሞው

በ2004 በአትላንታ የስፔልማን ኮሌጅ ሴት ተማሪዎች ያነሱትን ጥያቄ ሳይጠቅሱ ይህን ታሪክ መናገር አይቻልም። ራፐሩ ኔሊ ደም ካንሰር ለያዛት እህቱ የመቅኒ ለጋሾችን ለማሰባሰብ በፋውንዴሽኑ በኩል ወደ ኮሌጁ ሊመጣ ነበር። ብላክ ኢንተርቴይንመንት ቴሌቪዥን ከ2001 እስከ 2006 ሌሊት ያስተላልፍ በነበረው አንከት በተባለ ፕሮግራም ላይ የቀረበ አንድ ክሊፑ ደግሞ ክሬዲት ካርድ በሴት መቀመጫ ላይ ሲሳብ ያሳያል። በሞያ ቤይሊ የሚመራው የተማሪዎች ማኅበር ስለ ክሊፑም እንዲወያይ ጠየቀ፤ ፋውንዴሽኑ ዝግጅቱን ሰረዘ። እህቱ በ2005 አረፈች። በዚያው ዓመት ኤሰንስ መጽሔት በሙዚቃ ውስጥ ስለሚታየው የጥቁር ሴቶች አቀራረብ የዓመት ዘመቻ ከፈተ።

ተማሪዎቹ ትክክል ነበሩ። የሕመምተኛዋ ችግር እውነተኛ መሆኑ ጥያቄያቸውን አያሳንሰውም። ያንን ክርክር የተከታተለ ሰው ግን አንድ ጉድለት ያያል፦ ሴቶቹ ምን ለበሱ ተብሎ ብዙ ተጻፈ፣ ምን ፈረሙ ተብሎ የጠየቀ ግን እምብዛም የለም። ክሊፑን የመራው፣ ያስተላለፈው፣ የሸጠው ሁሉ እያለ ነቀፋው ዞሮ ዞሮ በሞዴሏ ላይ አረፈ።

የዲስኩንና የመጽሔቶቹን አወዳደቅ ባጭሩ ልለፈው። ማይስፔስ በ2003፣ ዩቲዩብ በ2005 መጡ፤ ጎግል ዩቲዩብን በ2006 ገዛው። ሰው በነጻ የሚያየውን በገንዘብ አይገዛም። በ2008 የገንዘብ ቀውስ ማስታወቂያ ሲጠፋ መጽሔቶቹም አልቻሉም፤ ኪንግ በ2009 መታተሙን አቆመ። ጄትም በ2014 ከኅትመት ወጣ። በዚያው በ2009 ስማክ ዲቪዲን የመሠረተው ሰው የራፕ ግጥሚያውን ብቻ ይዞ ዩአርኤል የተባለውን ሊግ አቋቋመ፤ የሞዴሎቹ ክፍል ግን አብሮ አልተሻገረም።

ሞዴሎቹ የሄዱት ወደ ኢንስታግራም ነው፣ በ2010 ሲከፈት። ዛሬ የምናየው አሠራር፣ ማለትም ምስሏን ራሷ የምታወጣ፣ ከክበብና ከልብስ ድርጅት ጋር ራሷ የምትደራደር ሴት፣ በከፊል ከዚያ ዘመን የወረስነው ነው። ኪሞራ ሊ ሲመንስም ቤቢ ፋትን በ2019 መልሳ ገዝታ ከፈተችው። ሕጉም ዘግይቶ ደረሰ፦ በታኅሣሥ 2024 የተፈረመውና በሰኔ 2025 ሥራ ላይ የዋለው የኒውዮርክ የፋሽን ሠራተኞች ሕግ የሞዴል አስተዳዳሪ ድርጅቶችን ይቆጣጠራል፤ የሞዴሏን ዲጂታል አምሳያ ለመፍጠር ወይም ለመጠቀም የተለየ የጽሑፍ ፈቃድ ያስፈልጋል ይላል። «ወደፊት በሚፈጠር ማንኛውም ሚዲያ» የሚለው ሐረግ በ2003 ተፈርሞ ዛሬ ምን ሊያስከትል እንደሚችል አስቡት።

ከአዳራሹ ከቀረቡት ጥያቄዎች ሁለቱ

አንዲት እህት ዛሬ ቀረጻ ላይ የምትፈርመው ወረቀት ምን መያዝ እንዳለበት ጠይቃለች። ወረቀቱ ከቀረጻው ቀን በፊት ይድረስሽ፤ ጸጉር ቤት ወንበር ላይ አይፈረምም። ሥራው በስሙ ይጠቀስ፦ የዚህ ዘፈን ክሊፕ፣ የዚህ ድርጅት የስድስት ወር ማስታወቂያ። የትኛው ሚዲያ፣ የት አገር፣ እስከ መቼ የሚለው በቁጥር ይጻፍ። ከመጋረጃ ጀርባ የሚቀረጸው ለብቻው ይጠቀስ፣ በዲስኩ ዘመን ብዙዎች የተጎዱት በእሱ ነውና። በሰው ሠራሽ አስተውሎት ምስልሽን ወይም ድምፅሽን መቅዳት ክልክል ነው ወይም በሌላ ውል ነው የሚል አንድ መስመር ይኑረው። ስምሽ በመግለጫው ውስጥ እንዲጻፍ ጠይቂ። የተፈረመውን ቅጂ ሳትይዢ ከስቱዲዮ አትውጪ።

ሌላው ጥያቄ ከዚያ ዘመን በቤት የተቀመጡ ካሴቶችንና ቪሲዲዎችን ይመለከታል። ጊዜ የማይሰጥ ጉዳይ ነው። ለሚኒዲቪ፣ ካሴቱን ከማጫወታችሁ በፊት አንዴ እስከ መጨረሻው አሳልፋችሁ መልሱት፤ ለዓመታት የተጣበቀው ፊልም ይላቀቃል። የካሜራውን ራስ በማጽጃ ካሴት ከ10 ሴኮንድ ላልበለጠ ጊዜ አጽዱ፣ ማጽጃው ራሱ ይፍቃልና። በቢጫው የአናሎግ ቪዲዮ ገመድ ወደ ዩኤስቢ መቀየሪያ አታስገቡት፤ ዲጂታሉን ወደ አናሎግ መልሳችሁ ታበላሹታላችሁ። በፋየርዋየር አስገቡት። ማክኦኤስ 26 ፋየርዋየርን ስለተወ የቆየ ማክ ወይም የፋየርዋየር ካርድ የተገጠመለት ፒሲ ፈልጉ። በፒሲ ዊንዲቪ፣ በሊኑክስ ዲቪግራብ የተባሉት ፕሮግራሞች ይሠራሉ። የሚወጣውን 13 ጊጋባይት ፋይል ሳትጨምቁ አስቀምጡት፤ ለማሳያ የሚሆን ትንሽ ቅጂ ለብቻ አውጡ። የአሜሪካ ካሴት ኤንቲኤስሲ፣ የአዲስ አበባው ፓል የተባለው ሌላ የቴሌቪዥን ሥርዓት ስለሆነ ለእያንዳንዱ የሚስማማ ካሜራ ያስፈልጋል።

ቪሲዲ ላይ ያለው ምስል በኤምፔግኤቪ ፎልደር ውስጥ ዳት የሚል መጨረሻ ያለው ፋይል ነው። ያ ክፍል እንደ ተራ ዳታ ሙሉ የስህተት ማረሚያ ስለሌለው የተጫረ ዲስክ በኮፒና ፔስት መሀል ላይ ይቆማል፤ በተራው የዲስክ ቅጂ ፋይል፣ በአይኤስኦ፣ ማስቀመጥም አይሆንም። ሲዲአርዳኦ በተባለው ፕሮግራም ሙሉ ዲስኩን ቢን እና ቶክ በሚባሉ ሁለት ፋይሎች አድርጋችሁ በዝቅተኛ ፍጥነት ውሰዱት። አንዱ ድራይቭ እምቢ ካለ ሌላ ሞክሩ፤ አንዱ ያቃተውን ሌላው ብዙ ጊዜ ያነበዋል። ፋይሉን ስትሰይሙ በክሊፑ ውስጥ ያለችውን ሴት ስም የሚያውቅ ሰው በሕይወት እያለ ጠይቃችሁ አብራችሁ ጻፉት።